የሚቀጥለው ባቡር ሄዷል

ሳጥኑን የገዛሁት ከበጎ አድራጎት ሱቅ ነው፤ በስድስት ፓውንድ። ለንደን ውስጥ እንዲህ ያለ ሱቅ የሌለበት ሰፈር የለም። ሰው የሰለቸውን ሸሚዝ፣ ድስትና መጽሐፍ በነፃ ይሰጣቸዋል፤ እነሱ በርካሽ ይሸጡታል። ከኋላ ጥግ ላይ አቧራ የጠጣ የዲቪዲ መደርደሪያ አይጠፋም። በዚህ ዘመን ዲቪዲ ማን ይገዛል? እኔ። ባለቤቴ "ቤቱን ምናለሽ ተራ አደረግከው" ትለኛለች።

ውስጡ ያሉት ጥቁርና ነጭ የእንግሊዝ ኮሜዲዎች ናቸው። በ1930ዎቹ ማብቂያ ላይ የተሠሩ ናቸው። ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጠራው፤ ግር እንዳይላችሁ። ሽፋኑን ሞልቶት የተቀመጠው አፍንጫው ላይ መነጽር የሰካ አንድ ሰው ነው፤ ዋናው ተዋናይ ዊል ሄይ። ሙር ማሪዮት የሚለውን የአጃቢውን ተዋናይ ስም ለማግኘት ግን ሳጥኑን ገልብጣችሁ፣ መነጽር አድርጋችሁ፣ ከታች ያለችውን ደቃቃ ጽሑፍ ማንበብ አለባችሁ።

ፍርዴን አሁኑኑ ልናገርና ልገላገል። ሳጥኑን ካገኛችሁት ግዙት። ሽፋኑ ላይ ላለው ሰውዬ ብላችሁ ግን አይደለም። ጀርባው ላይ ላለው ሰውዬ ብላችሁ ግዙት።

እንዴት ወደዚህ ጉዳይ ገባሁ? የምሠራው በደቡብ ለንደን አንዲት ትንሽ ባቡር ጣቢያ ነው። ሥራዬ ትኬት ማየት፣ ጠፋብኝ ለሚል መንገድ ማሳየት፣ ባቡር ሲዘገይ መሰደብ ነው። አብሮኝ የሚሠራ ጡረታ ሊወጣ የተቃረበ እንግሊዛዊ ሽማግሌ አለ። መንገደኛ መጥቶ "የሚቀጥለው ባቡር ስንት ሰዓት ነው?" ብሎ በጠየቀኝ ቁጥር፣ ይሄ ሰው ከውስጥ ክፍል ሆኖ በቀጭን የሽማግሌ ድምፅ "የሚቀጥለው ባቡር ሄዷል!" ብሎ ይጮህና ብቻውን ይስቃል። ይቺን ነገር ዓመት ሙሉ ሰማኋት። ሰውየውን ነካ አድርጎታል ብዬ ትቼው ነበር። አንድ ቀን ግን ሳልጠይቀው ራሱ ነገረኝ፤ ከፊልም የመጣች ናት፣ "ኦ ሚስተር ፖርተር!" ከሚባል፣ እዚህ አገር ባቡር ላይ የሠራ ሰው ሁሉ ያውቃታል አለኝ። ሳጥኑን መደርደሪያው ላይ ሳየው አላመነታሁም።

ፊልሙ የ1937 ነው። ዳይሬክተሩ ማርሴል ቫርኔል፣ ትውልዱ ፈረንሳይ ነው። ታሪኩ ለእኛ አገር ሰው ባዕድ አይደለም። ፖርተር የሚባል አንድ እጁ ላይ ሥራ የማይባረክለት የባቡር ሠራተኛ አለ፤ ሄይ ነው የሚጫወተው። የእህቱ ባል የባቡር ድርጅቱ ትልቅ ሰው ስለሆነ ከሥራ አይባረርም። ይልቅስ ሩቅ ቦታ ወስደው የጣቢያ ኃላፊ ያደርጉታል። ዕድገት አስመስሎ ማራቅ፤ ይሄን እናውቀዋለን። የሚላክበት በግልስኬሊ የሚባል በሰሜን አየርላንድ ድንበር ላይ ያለ ጣቢያ ነው፤ ስሙ የፈጠራ ነው። እዚያ ያሉት ሠራተኞች ሁለት ብቻ ናቸው። አንዱ አልበርት የሚባል ወፍራም አፈኛ ወጣት፣ ሌላው ሃርቦትል የሚባል ጥርስ የሌለው ሽማግሌ። አልበርትን የሚጫወተው ግራሃም ሞፋት ነው። ሃርቦትል ደግሞ የእኔ ሰው ነው፤ ሙር ማሪዮት።

እና ያቺ ትዕይንት። አዲሱ ኃላፊ ይደርሳል፤ የትኬት መስኮቱን ያንኳኳል። መከለያው ይከፈታል። የሽማግሌ ፊት ብቅ ይላል፤ ኮፍያ፣ የተንጨባረረ ሽበት፣ ወደ ውስጥ የገባ አፍ። "የሚቀጥለው ባቡር ሄዷል!" ጧ! መከለያው ተዘጋ። በቃ።

በመጀመሪያ ሳያት ሳቅኩ። ከዚያ መልሼ አየኋት። "የሚቀጥለው" ከሆነ እንዴት ነው "የሄደው"? ቀልዱ ያለው እዚህ ነው፤ ቃሉ ግን ብቻውን አያስቅም። እኔ ባልደረባዬ ሲላት ዓመት ሙሉ ሰምቼ አልሳቅኩም። የሚያስቀው ማሪዮት ሲላት ነው፤ ምክንያቱም እንደ ቀልድ አይላትም። ይቺን ቃል አርባ ዓመት ሲላት እንደኖረና ማንም "ምን ማለትህ ነው?" ብሎት እንደማያውቅ ሰው ነው የሚላት። ድምፁ ውስጥ ክፋት የለም፣ ንዴትም የለም። የልማድ ድምፅ ነው።

አባቴ የድሬ ዳዋ ሰው ነው። የምድር ባቡር ትኬት ቆራጭ ነበር፤ አሁን 81 ዓመቱ ነው። እኔ የተወለድኩት ከዚራ ነው፣ ከጣቢያው ብዙ ሳይርቅ። ያ ባቡር ከጅቡቲ ተነሥቶ ድሬ የደረሰው በ1902 ነው፣ አዲስ አበባ የገባው ደግሞ በ1917። ሐዲዱን የዘረጉት ፈረንሳዮች ስለነበሩ የባቡሩ ሰዎች ቋንቋ ግማሹ ፈረንሳይኛ ነበር። አባዬ ፉርጎው ሲሞላ መስኮቱን እየዘጋ "ኮምፕሌ!" ይል ነበር። ሞልቷል ማለት ነው። ልጅ ሆነን ጓደኞቼ ይሄን ነበር የሚያሾፉብኝ፤ ኳስ ልጫወት ስሄድ "ኮምፕሌ!" ብለው ይመልሱኛል።

ታዲያ ያቺን ትዕይንት በስልክ በቪዲዮ አሳየሁት። ስልኬን ቴሌቪዥኑ ፊት ደግኜ ያዝኩለት። እሱ እንግሊዝኛ አይሰማም። አንዴ አየ፣ ዝም አለ። "ድገመው" አለኝ። ደገምኩለት።

"ይሄ ሰውዬ ትኬት ቆርጦ ያውቃል" አለ።

"ኧረ ተዋናይ ነው አባዬ።"

"አንተ ምን ታውቃለህ! እጁን እየው። መስኮቱን ሲዘጋ እጁን አያየውም፣ ሰውየውንም አያየውም። አዲስ ቆራጭ እጁን ያያል፤ ጣቱን እንዳይቆርጠው ይፈራል። ይሄ ሰውዬ ቆርጦ ያውቃል አልኩህ።"

(የድሬ ልጅ አባቱን "አንተ" እንደሚል፣ አባትም እንደማይቀየም አስቀድሜ ልናገር፤ ሌላ አገር ያለ አንባቢ እንዳይገላምጠኝ።)

ማሪዮት ትኬት አልቆረጠም። ከቲያትር ቤተሰብ የተወለደ ሰው ነው። ሙሉ ስሙ ጆርጅ ቶማስ ሙር ማሪዮት ነው። በ1885 ዌስት ድሬይተን ተወለደ፤ ያኔ ከለንደን በስተምዕራብ ያለች ቦታ ነበረች። መድረክ ላይ የወጣው ገና በሕፃንነቱ ነው። ፊልም የጀመረው ደግሞ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት፣ ፊልም ገና ድዳ በነበረበት ዘመን ነው። በሕይወቱ ከመቶ በላይ ፊልም ላይ ታይቷል።

አባዬ ቀጥሎ የጠየቀኝ "ስንት ዓመቱ ነው?" ብሎ ነው። ያኔ 51 ዓመቱ ነበር፣ ፊልሙ ሲቀረጽ 52 ሊሞላው ወራት ቀርተውት ነበር አልኩት። ወይ ፍንክች። አላመነኝም። "ጥርስ የለውም እኮ!" አለኝ።

እውነትም ጥርስ አልነበረውም። የጥርሱ ነገር ራሱን የቻለ ወግ ነው። ማሪዮት የራሱ ጥርስ ስላልነበረው፣ በልኩ ያሠራቸው አራት ሙሉ የሰው ሠራሽ ጥርስ ስብስቦች ነበሩት። ለያንዳንዱ ገጸ ባሕርይ የሚስማማውን መርጦ ያደርጋል። ሃርቦትልን ሲሆን ደግሞ አውልቆ ይተዋቸዋል። ሌላው ተዋናይ ፂም ይለጥፋል፣ ዊግ ያደርጋል፤ ይሄ ሰውዬ መንጋጋውን ነው የሚቀይረው። መንጋጋ ሲቀየር ደግሞ ፊት ብቻ አይደለም የሚቀየረው፤ ድምፅም ይቀየራል፣ ቃል አጠራርም ይቀየራል፣ እንጀራ አጎራረስም ሳይቀር ይቀየራል፤ የኋለኛውን አባቴን አይቼ ነው የምናገረው። አባዬ ይሄን ስነግረው "አራት? እኔ አንዷንም ስንት ለምኜ ነው ያሠራችሁልኝ!" አለኝ። ነገሩ ወደ እኔ ሲዞር ስልኩን ቶሎ ዘጋሁት።

አንድ ነገር ግን ሦስተኛ ጊዜ ሳየው ነው የገባኝ። ፊልሙ ውስጥ ግላድስቶን የሚባል አሮጌ የባቡር ሞተር አለ። ረጅም፣ አናቱ ሾጣጣ ዘውድ የመሰለ ጭስ መውጫ አለው። የነጂው ክፍል ተነሥቶለት ነጂዎቹ ሜዳ ላይ እንደቆሙ ናቸው። ዘጠና ዓመቱ ነው ይባላል። እውነተኛ ስሙ ግን ኖርዚያም ነው። በደቡብ ምሥራቅ እንግሊዝ ካለች አንዲት ትንሽ የባቡር ድርጅት ተከራይተው ነው ያመጡት። የተሠራው በ1899 ነው። አስሉት፤ ፊልሙ ሲቀረጽ 38 ዓመቱ ነበር። ጭስ መውጫውን ቀይረው፣ ክፍሉን ነቅለው ነው አርጅቶ እንዲታይ ያደረጉት። አጠገቡ ደግሞ ጥርሱን አውልቆ ያረጀ የ51 ዓመት ሰው ቆሟል። ሁለቱም ለሥራ ሲባል ያረጁ ናቸው! ይሄን ካወቅኩ በኋላ ሁለቱን በአንድ ላይ ባየሁ ቁጥር ሆዴን ይዤ ነው የምስቀው። ሃርቦትልና ግላድስቶን የተግባቡ ይመስላሉ። እንደሱ እየተንፏቀቀ፣ እንደሱ እየተነፈሰ።

ጣቢያውም ቢሆን እውነተኛ ጣቢያ ነው። ክሊድስደን ይባላል፣ አየርላንድ ሳይሆን እዚሁ እንግሊዝ ሃምፕሻየር ውስጥ ነው ያለው። መስመሩ ከቤዚንግስቶክ ወደ ኦልተን የሚሄድ ነበር። በ1901 ተከፈተ፣ ለመንገደኛ በ1932 ተዘጋ። የፊልም ሰዎቹ የደረሱት ጣቢያው ሰው አልባ ከሆነ በኋላ ነው። ስለዚህ እዚያ መድረክ ላይ የምታዩት ባዶነት የተሠራ አይደለም። አባዬ ሐዲዱን ሲያይ የተናገራትን አልረሳም። "ይሄ ሣር እኮ ሐዲዱ መሐል ነው የበቀለው" አለ። የእኛም አሮጌ ሐዲድ ባቡር መሄድ ሲያቆም እንደዚያ ነበር የሆነው። አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር መጥቷል፤ ያለፈው ግን ከዚራ መሐል ነበር የሚቆመው።

ወደ ፊልሙ ልመለስ። ሃርቦትልና አልበርት ደሞዝ አይጠብቁም። በባቡር የሚያልፈውን ዕቃ እየሰረቁ፣ ትኬትን በምግብ እየለወጡ ነው የሚኖሩት። ኃላፊው ጣቢያውን ቀለም ሊቀባ፣ ሊያሳምር ደፋ ቀና ይላል። እነሱ ደግሞ ከሱ በፊት የነበሩት ኃላፊዎች እንዴት እንደሞቱ፣ እንዴት እንደጠፉ ይተርኩለታል። ባለ አንድ ዓይኑ ጆ የሚባል መንፈስ ነው አሉ የበላቸው። የኋላ ኋላ መንፈሱ የጦር መሣሪያ ኮንትሮባንዲስት ሆኖ ይገኛል። እዚህ ላይ አባዬ አልገረመውም። "ታዲያ ባቡር ምን ሊጭን ኖሯል?" አለኝ። የድሬ ሰው ይሄን ፊልም ለማየት ማብራሪያ አያስፈልገውም። ሰባት ልብስ ደራርባ ለብሳ፣ ከላይ ነጠላዋን ጣል አድርጋ፣ ከባቡር ስትወርድ በር የጠበባትን ሴት ያላየ የድሬ ልጅ አለ? ታይዋን የሚባለው ገበያችንስ በምን ቆመ?

መጨረሻው ሩጫ ነው። ሦስቱ ሰዎች ሽፍቶቹን ከነፉርጎአቸው ግላድስቶን ላይ ቀጥለው ይዘዋቸው ይከንፋሉ። ከሰል ያልቃል። ያገኙትን ሁሉ ምድጃ ውስጥ ይከታሉ፤ ልብሳቸው ሳይቀር፣ ገጭተው የሰባበሩት የሐዲድ ማቋረጫ በር ሳይቀር። ሽፍቶቹ ይያዛሉ። ሃርቦትል ግላድስቶን ዘጠና ዓመቱ እንደሆነ ይናገራል። ፖርተር ገና ሌላ ዘጠና ዓመት ይሠራል ይላል። ሞተሩ ይፈነዳል። ሦስቱ ባርኔጣቸውን ያወርዳሉ። እንዲህ ያለ ቀብር የትም አላየሁም። የእውነቱ ሞተር በፊልሙ አልሞተም፤ ወደ ባለቤቶቹ ተመልሶ በ1941 ነው ለብረት የተቆራረጠው።

የቀሩትን ፊልሞች በአጭሩ ልለፋቸው፤ ሁሉም እኩል አይደሉም። "ዊንድባግ ዘ ሴይለር" የ1936 ነው፤ ሦስቱ አብረው የገጠሙበት የመጀመሪያው ነው። ገና አልተዋሐዱም፤ እንደ አዲስ ጫማ ይቆረቁራል። "ኮንቪክት 99" እስር ቤት ነው። ማሪዮት ጄሪ ፍልፈሉ የሚባል ዋሻ መቆፈር የማይሰለቸው እስረኛ ነው፤ ትንሽ ነው የሚታየው፣ ከሁሉም በላይ የማስታውሰው ግን እሱን ነው።

"አስክ ኤ ፖሊስማን" የ1939 ነው፤ ከ"ኦ ሚስተር ፖርተር!" ቀጥሎ ያለው እሱ ነው፤ ባለቤቴ እንዲያውም ይበልጣል ትላለች። ሦስት ፖሊሶች ናቸው፤ መንደሩ ወንጀል ስለሌለበት ከሥራ እንዳይባረሩ ወንጀል ራሳቸው ይፈጥራሉ። አውቶቡስ ይዘው የመኪና ውድድር ሜዳ ውስጥ የሚገቡባት ትዕይንት አለች፤ ልጄ ስድስት ጊዜ አስደገመችኝ። እኔን የገደለኝ ግን ሌላ ነው። ስለ መንፈስ የሚነገር አንድ ግጥም አለ፤ ስንኝ ይጎድለዋል። የጎደለውን የሚያውቅ ሰው ይፈለጋል። ማን ያውቃል? የሃርቦትል አባት! (ማሪዮት እዚህም ስሙ ሃርቦትል ነው።) ሃርቦትል ራሱ መቃብር አፋፍ ላይ ያለ ይመስላል፤ ለካ አባት አለው። አባቱንስ ማን ተጫወተው? ራሱ ማሪዮት። የሃምሳ ምናምን ዓመት ሰው የሽማግሌ አባት ሆኖ ሽማግሌ ራሱን ይሰድባል። ደግሞ ልብ ብላችሁ እዩ፤ ሁለቱ ሽማግሌዎች አንድ ዓይነት አይደሉም። ልጁ ፈጣን ነው፣ ይንቀዠቀዣል። አባትየው አይቸኩልም፤ ሰው እስኪጨርስ የሚጠብቅ፣ ከዚያ የሚቆጣ ነው። ዊግ ብቻ የሚቀይር ተዋናይ ይሄን አያደርግም።

"ኦልድ ቦንስ ኦፍ ዘ ሪቨር" የሚለውን በተመለከተ እውነቱን ልናገር፤ ተዉት። የ1938 ነው። ሄይ አፍሪካ ሄዶ የአገሬውን ልጆች የሚያስተምር፣ ግብር የሚሰበስብ ፕሮፌሰር ይሆናል። የቅኝ ገዢ ፊልሞችን ሊያሾፍባቸው ነው አሉ የተሠራው። የሚያሾፈው ግን ጥቁሮቹም ላይ ጭምር ነው። ልጄ ገና በአሥራ አምስተኛው ደቂቃ "አባ፣ እነዚህ ሰዎች ለምን እንደዚህ ያወራሉ?" አለችኝ፤ አጠፋሁት። በኋላ ብቻዬን ጨረስኩት። የጨረስኩት ለሮበርት አዳምስ ስል ነው። ከብሪቲሽ ጊያና የመጣ ተዋናይ ነው፤ የጎሣ መሪ ሆኖ ይጫወታል። ሌላው ጃክ ለንደን ነው፤ እሱም የጊያና ልጅ ሲሆን በ1928 የአምስተርዳም ኦሊምፒክ በመቶ ሜትር ሩጫ የብር ሜዳሊያ ያገኘ ሰው ነው። የኦሊምፒክ ባለ ሜዳሊያ ቆዳ ለብሶ ጦር ይዞ ቆሟል። ማሪዮት አጃቢ ነው እላለሁ፣ ስሙ ጀርባ ላይ ተጻፈ ብዬ እቆጫለሁ፤ የእነዚህ ስም ግን ሳጥኑ ላይ ጨርሶ የለም።

ስለ ዊል ሄይ አንድ ነገር ካልተናገርኩ ፍርደ ገምድል እሆናለሁ። ጎበዝ ነው። ምንም የማያውቅ፣ ግን የሚያውቅ ለመምሰል የሚታገል አለቃ አድርጎ ራሱን ሲያቀርብ የሚደርስበት የለም። በእውነተኛው ሕይወቱ ደግሞ የሥነ ፈለክ ሰው ነበር። በ1933 ከቤቱ ሆኖ በቴሌስኮፕ ሳተርን ላይ አንድ ነጭ ነጠብጣብ ያገኘው እሱ ነው። ዋዛ አይደለም። ግን እነዚህን ፊልሞች አየት አድርጉና ሄይ ብቻውን የሚያወራባቸውን ቦታዎች ከሦስትዮሽ ትዕይንቶች ጋር አነጻጽሩ። ብቻውን ሲሆን ደህና ኮሜዲ ነው። ያ ሽማግሌ "ኧረ ተው!" ብሎ ሲገባ ነው እሳት የሚነሣው። የማሪዮት ዋና ችሎታ ማዳመጥ ይመስለኛል። ሄይ ሲዋሽ ሃርቦትል ያምነዋል። አምኖት ደግሞ የዋህ ጥያቄ ይጠይቀዋል። ውሸቱ ሌላ ውሸት ይወልዳል። አጃቢ ማለት ከኋላ የሚከተል ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ ይሄኛው ግን ከኋላ ሆኖ ነው የሚነዳው።

ሄይ በኋላ ሁለቱን ትቷቸው ወደ ኢሊንግ ስቱዲዮ ሄደ። ጥሩ ፊልሞች ሠራ። እኔ ግን ያንን ሳይ መድረኩ ላይ ወንበር የጎደለ ይመስለኛል።

ሳጥኑን ከጨረስኩ በኋላ ሰውየውን ማደን ጀመርኩ። የሚገርመው ነገር ማሪዮት ሁልጊዜ አጃቢ አልነበረም። በድምፅ አልባው ዘመን መሪ ሆኖም ይጫወት ነበር። በ1923 "ዘ ሞንኪስ ፖው" ላይ ዋናው ሰው ነው። በ1928 ደግሞ ደንበኞቹን የሚያርደውን ፀጉር አስተካካይ ስዊኒ ቶድን ሆኗል። ያ የዋህ ሽማግሌ! ከዚያ "ዘ ፍላይንግ ስኮትስማን"ን አገኘሁ፤ የ1929። ይሄን ማንም የባቡር ሰው ሳያየው እንዳይሞት። ማሪዮት ቦብ ዋይት የሚባል ባቡር ነጂ ነው፤ ጡረታ ሊወጣ የመጨረሻ ጉዞውን ሊያደርግ ነው። የሰከረ ረዳቱን ይከሰዋል፣ ሰውየው ይባረራል፣ ሊበቀል ይነሣል። ባቡሩ እውነተኛው ፍላይንግ ስኮትስማን ነው፤ ዛሬም በሕይወት ያለው። ተዋናይት ፖሊን ጆንሰን በሚሮጥ ባቡር ውጫዊ ጎን ላይ ተረከዙ ረጅም ጫማ አድርጋ ትሄዳለች፤ ያለ ምትክ፣ ራሷ። የባቡር ድርጅቱ ሰዎች ደንግጠው መሆን አለበት፤ ፊልሙ መጀመሪያ ላይ ስለ ደኅንነት ጉዳይ ጸሐፊው ለታሪኩ ሲል እንደፈለገ ሆኗል የሚል ማስታወቂያ አለ። ፊልሙ በድምፅ አልባነት ይጀምርና መሐል ላይ መናገር ይጀምራል። ያኔ ድምፅ ገና እየገባ ነበርና። ሰዎቹ ድንገት አፍ ሲያወጡ ሳይ የደነገጥኩት ድንጋጤ!

እንግዲህ አስቡት። በ1929 የተከበረ ባቡር ነጂ፣ ቀጥ ያለ፣ ለሕግ የቆመ። ስምንት ዓመት ቆይቶ በ1937 ትኬት በምግብ የሚለውጥ ጥርስ አልባ ሌባ። ይሄ ውድቀት ነው? እኔ አልልም። ቦብ ዋይት ደህና ሰው ነው፤ ከፊልሙ ጋር አብሮ ያልቃል። ሃርቦትልን ግን የእኔ ባልደረባ ዘጠና ዓመት ሊሞላው በቀረበ ፊልም ውስጥ አግኝቶት በየቀኑ ጣቢያ ላይ ይጠራዋል።

ጦርነቱ ከመጣ በኋላ ደግሞ ቀልዱን ቀነስ ያደረገባቸው ሁለት ፊልሞች አሉ። በ1943 "ሚሊዮንስ ላይክ አስ" ላይ ልጆቹ ለጦርነት ሥራ ሲበተኑ ቤት የሚቀር አባት ነው። በ1946 "ግሪን ፎር ዴንጀር" ላይ ደግሞ ብስክሌት የሚነዳ ፖስተኛ ነው፤ ሆስፒታል ገብቶ ቀዶ ሕክምና ጠረጴዛ ላይ ይሞታል። ጥቂት ደቂቃ ነው የሚታየው። ግን ፊልሙ ሁሉ የሚሮጠው እሱን ማን ገደለው ብሎ ስለሆነ፣ ሞቱ እንዲቆጨን ማድረግ ነበረበት። ይቆጫል።

በ1949 መጨረሻ ላይ በባሕር ዳሯ ከተማ ቦግኖር ሪጂስ ሞተ፤ በ64 ዓመቱ። ሃርቦትል ይመስል የነበረውን ዕድሜ ሳይደርስበት። በመጨረሻው ዘመኑ እዚያው ከባለቤቱ ጋር ግሮሰሪ ነበረው። ግሮሰሪ ስል የእኛን ቢራ የሚጠጣበትን አይደለም፤ የእነሱን፣ ስኳርና ሻይ ቅጠል የሚሸጥበትን። የእኛን ዓይነት ግሮሰሪ የከፈተው ሞፋት ነው፤ ተዋናይነቱን ትቶ መጠጥ ቤት ያስተዳድር ነበር።

አሁን ስለ ዕቃው። ጥራቱ ደህና ነው፤ ምስሉ እዚህም እዚያም ይንጠባጠባል፣ ግን ጥቁሩ ጥቁር ነው። ትልቁ ቅሬታዬ ከሥር ጽሑፍ አለመኖሩ ነው። አንድም የለም፤ እንግሊዝኛ እንኳ። ማሪዮት ያለ ጥርስ፣ በጥንት የገጠር አነጋገር የሚናገር ሰው ነው። እኔ ሃያ ዓመት እዚህ ኖሬ ሲሦው ያመልጠኛል። ባልደረባዬን ጠይቄ ነው የሞላሁት፤ እሱም አንዳንዱን "እኔም አልሰማሁትም፣ ግን ያስቃል" ብሎ ነው የመለሰልኝ። ሁለተኛው ቅሬታ፣ ሦስተኛው ዲስክ የተጫረ ነው። "ኮንቪክት 99" አርባኛው ደቂቃ ላይ ይደርቃል፤ ወደፊት ገፍቶ ማለፍ ያስፈልጋል። ለሱቋ ሴትዮ ብነግራት ያገለገለ ዕቃ ነው የኔ ወንድም የምትል ፊት አሳየችኝ። ስድስት ፓውንድ ነው፤ አልተከራከርኩም። የአሳታሚውን ስም አልጠራም፤ ከተሰማራበት ንግድ ላላስወጣው።

ለልጆች? ከ"ኦልድ ቦንስ" በቀር ይሆናል። እንግሊዝኛ ለማይሰማ ወላጅ? "ኦ ሚስተር ፖርተር!" ብቻውን ይበቃል፤ ግማሹ የፊትና የእጅ ሥራ ነው። ባቡር ላይ ሠርቶ ለሚያውቅ ሰው ደግሞ ሐኪም ሊያዝለት ይገባል።

ባለፈው ወር ወደ ድሬ የሚሄድ ሰው አግኝቼ ያቺን አንዷን ዲስክ ለአባዬ ላክሁለት። ጎረቤት ሰብስቦ አሳያቸው አሉ፤ በራሱ ትርጉም፣ ግማሹን ራሱ እየፈጠረ። እሁድ ስደውልለት ስልኩን አነሣ። "አባዬ እንዴት ነህ?" አልኩት።

"የሚቀጥለው ባቡር ሄዷል!" አለና ጆሮዬ ላይ ዘጋው። መልሼ ደወልኩ፤ ሂሳቡ በኔ ነው።